አጥፈህ አስቀምጠው

እሺ... ዛሬ ሌላ ነገር ላወራ ነበር፤ ባለፈው ቃል የገባሁላችሁን። አልሆነልኝም። ከቡሬ ከተመለስኩ ጀምሮ ሐሳቤ አንድ ወረቀት ላይ ነው።

የአክስቴን የብረት ሳጥን ታውቁታላችሁ። አዎ፣ ያው ሳጥን። ቁልፉ ተገኘ! ከውስጡ የፍርድ ግልባጭ ወጣ፤ 1951 ዓ.ም. ይላል። የአያቴ የርስት ሙግት ነው። ጥጉን ምስጥ በልቶታል፤ የማኅተሙ ሐምራዊ ቀለም ግን ዛሬም ደማቅ ነው።

ጎጃም ውስጥ ርስት የሚጠየቀው ዘር ተቆጥሮ ነበር፤ መሬቱን መጀመሪያ የያዘው ዋና አባት ጋ እስኪደረስ። በአባትም በእናትም ይቆጠራል። አያቴም ወረቀቱ ላይ ይቆጥራል። ወንድ፣ ወንድ፣ ወንድ፣ ወንድ... አምስተኛዋ ሴት። ስሟን ሰምቼው አላውቅም። እኔን ያስጠኑኝ የአባቶቹን መስመር ብቻ ነው።

ከዚያ ተከሳሹ ይቆጥራል። እሱም እሷው ላይ ይደርሳል።

ተከሳሹ ማን እንደሆነ ገባችሁ አይደል? ከወንዝ ማዶ ያሉት። ለቅሶ እንኳ የማንደርሳቸው።

ለአክስቴ ጮክ ብዬ ነበር የማነብላት። ቡና እየቆላች ነው። ሴትዮዋ ስም ላይ ስደርስ እጇ ቆመ። ምጣዱ እሳት ላይ ነው፣ እጇ ቆሟል። «እትዬ፣ እነዚህ ሰዎች እኮ ዘመዶቻችን ናቸው» አልኳት። ቀና ብላ እንኳ አላየችኝም። «አጥፈህ አስቀምጠው ልጄ» አለች። በቃ። አልደነገጠችም፤ የሚከነክነኝ እሱ ነው። ታውቅ ነበር ማለት ነው? ወይስ... እንጃ።

ጎንደር ደግሞ የመሬት ሽያጭ በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ኅዳግ ላይ ይጻፍ ነበር። ሻጭ፣ ገዢ፣ ዋጋው በወቄት ወርቅ፣ እማኞቹ በየስማቸው። ሴቶችም አሉበት። ከእነዚያ መጻሕፍት አንዳንዶቹ በ1860 ዓ.ም. ከመቅደላ ተዘርፈው አሁን ለንደን፣ ብሪቲሽ ላይብረሪ ናቸው። ቅድመ አያትህን ፍለጋ ለንደን! እንዴት ያናድዳል። እሺ፣ ይሄ ለሌላ ቀን።

የኛ ሰው ግን በመሬቱ ላይ ወረቀት ሲመጣ አይወድም ነበር። በ1960 የእርሻ ገቢ ግብር ሲመጣ ጎጃም ያመፀው፣ መሬቱ ተለክቶ ርስቱ እንዳይነካበት ፈርቶም ነው። ስለዚህ ዘሩ ያለው በቃል ነው። ወረቀት ላይ የሰፈረው ሲጣሉ ነው። አያቶቼ ባይካሰሱ ኖሮ ይቺን ሴት አላገኛትም ነበር። ይሄን ሳስብ ደስ ልበል ወይስ ልዘን፣ አላውቅም።

ከዚያ የካቲት 25 ቀን 1967 የገጠር መሬት የሕዝብ ነው ተባለ። ርስት ቀረ። ያ ሁሉ ሙግት የተካሄደበት መሬት የማንም ርስት አይደለም። ዘር መቁጠሩም እየቀረ ሄደ፤ ለምን ብሎ ማን ያስጠናል? ኩርፊያው ብቻ እስከ እኔ ድረስ መጣ።

ከወንዝ ማዶ ልጆች የአንዱ ስልክ አለኝ። ሁለቴ ከፍቼው ዘጋሁት። ምን እለዋለሁ? «ከአንዲት ሴት እንወለዳለን» ልበለው? አክስቴ እያለች ይከብዳል። እሷ ሳትኖር ደግሞ... ኧረ ይቅር፣ እሱንስ አላስበውም።

ቡናው አርሮ ነበር፣ ነግሬያችኋለሁ? ያንኑ ጠጣነው። ሦስተኛውን ስትቀዳልኝ የሆነ ነገር ልትል አፏን ከፈተች፣ ከዚያ ጎረቤት ገባች፣ እና...