«24 ሰዓት ገብቼ 24 ሰዓት አርፋለሁ»፦ ስለ ግል ጥበቃ የአድማጮች ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ አዲስ አበባ የሕንፃ ጥበቃ ነኝ፤ የተቀጠርኩት በኤጀንሲ ነው። 24 ሰዓት ሠርቼ 24 ሰዓት አርፋለሁ። ትርፍ ሰዓት አይከፈለኝም። ስጠይቅ «ካልተስማማህ ሌላ ሰው ሞልቷል» ይሉኛል።

መልስ፦ ወንድሜ፣ የሚያሠሩህ ከሕግ ውጪ ነው። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መደበኛው ሥራ በቀን 8፣ በሳምንት 48 ሰዓት ነው። ትርፍ ሰዓት በቀን ከ4፣ በሳምንት ከ12 ሰዓት አያልፍም። ከምሽቱ 4 እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት ለሠራኸው ትርፍ ሰዓት 1.75 እጥፍ ይታሰብልሃል። «ፈርመህ ነው የገባኸው» ቢሉህ አትደንግጥ፤ ከአዋጁ በታች የሆነ ውል አይጸናም።

የገባህበትንና የወጣህበትን ሰዓት ከዛሬ ጀምረህ ደብተር ላይ ጻፍ። የፈረቃ መዝገቡን በስልክህ ፎቶ አንሳው። ደግሞ አትዘግይ፤ የደመወዝና የትርፍ ሰዓት ጥያቄ መከፈል ከነበረበት ቀን 6 ወር ካለፈው በይርጋ ይታገዳል፤ ማለትም ጊዜው አልፏል ተብሎ ውድቅ ይሆናል። ጡረታህንም አጣራ። ካንተ 7 በመቶ ሲቆረጥ አሠሪህ 11 በመቶ መጨመር አለበት።

ጥያቄ፦ በሰፈራችን ለጥበቃ በየወሩ እናዋጣለን። መክፈል ያቃታቸውን ጎረቤቶች «እናንተን አይመለከትም» ማለት ተጀምሯል። ልክ ነው?

መልስ፦ እናቴ፣ ልክ አይደለም። እኔን በጣም ያሳሰበኝ ጥያቄ ይሄ ነው። ድሮ «ሌባ! ሌባ!» ሲባል ዱላ የያዘውም፣ ነጠላ የጣለችውም ይወጣ ነበር። አሁን ጩኸት ስንሰማ «ዘበኛው አለ» ብለን እንገላበጣለን። ብሩ የጠባቂ ደመወዝ ይሆናል እንጂ ጉርብትናን አይተካም። ደሞም ሌባው ያልከፈለችው ሴትዮ ቤት ከገባ፣ የእርስዎ ግድግዳ ከዚያ ስንት ክንድ ይርቃል? እድራችሁ አቅም ላጣ አባል መላ እንደሚያበጅ ሁሉ፣ እነሱንም በመዋጮው ሸፍኗቸው። አንድ ነገር ልጨምር። ንጋት 11 ሰዓት ላይ በጋቢው ተጠቅልሎ በራችሁ ላይ የሚቆመው ልጅ ካዋጣችሁት ብር ስንቱ እንደሚደርሰው ጠይቁት።

ጥያቄ፦ የገበያ ማዕከል ጥበቃ ስልኬን ከፍቶ የማየት መብት አለው?

መልስ፦ የለውም። ቦርሳህን አላስፈትሽም ካልክ እንዳትገባ ሊከለክልህ ይችላል። ስልክህ ግን በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 26 የተጠበቀ የግል ጉዳይህ ነው። ሌባ እጅ ከፍንጅ ቢይዝ እንኳ ወዲያው ለፖሊስ ያስረክባል። ክፍል ዘግቶ ማቆየትም ሆነ መደብደብ ሥልጣኑ አይደለም።