ከስድስት ኪሎ እስከ አራት ኪሎ

እሺ፣ እንዴት ሰነበታችሁ። ዛሬ እንግዳ የለም፣ ብቻዬን ነኝ፣ ጉንፋን ይዞኝ ስለሰነበተ ድምፄን ታገሱልኝ።

ትናንት ከስድስት ኪሎ ወደ አራት ኪሎ በእግሬ ስወርድ ነው ይሄ ነገር የመጣልኝ፣ ከሶሻል ወርክ፣ ማለት ችግር ላይ ያሉ ሰዎችን ከመደገፍ ሙያ፣ ወደ ህግ ማውጣት ስለመሻገር። ሶሻል ወርክ የተማርኩት ስድስት ኪሎ ነው፣ ትምህርቱ እዛ በፈረንጅ 1959 ተጀምሮ፣ በደርግ ጊዜ ተዘግቶ፣ በ2004 በማስተርስ ደረጃ እንደገና የተከፈተ ነው። ከዛ ሙዚየሙን አልፋችሁ፣ አምስት ኪሎን አልፋችሁ ስትወርዱ ባለ ሰዓቱ ፓርላማ ጋ ትደርሳላችሁ፣ ቢበዛ ግማሽ ሰዓት ነው። የመጀመሪያዋ ሴት የፓርላማ አባል ስንዱ ገብሩ እዛ የገቡት በፈረንጅ 1957 ነው፣ አስተማሪ ነበሩ፣ የእቴጌ መነን ትምህርት ቤት ዳይሬክተር። ከኔ ሙያ ግን ወደዛ የተሻገረ በግሌ የማውቀው ሰው የለም፣ እኔም አስቤው አላውቅም ነበር።

ስራ በጀመርኩ ሰሞን ቂርቆስ አንዲት እናት ነበረች፣ ከገጠር መጥታ ሰው ቤት ስትሰራ የቆየች፣ ልጇን ይዛ በደባልነት የምትኖር። ድጋፍ ለማግኘት መታወቂያ ይጠየቃል፣ መታወቂያ ለማውጣት ከመጣችበት ቀበሌ መሸኛ ይጠየቃል፣ መሸኛውን ለማምጣት ሀገሯ መሄድ አለባት፣ የመሄጃ ብር ደግሞ የላትም፣ ብሩን ሊሰጣት የሚችለው ድጋፍ ተመልሶ መታወቂያ ይላል። ሶስት ሳምንት አብሬያት ተመላለስኩ። መስኮቱ ላይ ያለችው ልጅ ክፉ አልነበረችም፣ መመሪያው ነው እኮ ትለናለች፣ እውነቷን ነበር። በመጨረሻ አዋጥተን ላክናት። በሳምንቱ ሌላ እናት ያንኑ ችግር ይዛ መጣች። ያኔም መመሪያው የኔ ጉዳይ ነው ብዬ አላሰብኩም።

የካሊፎርኒያዋን የባርባራ ሊን ታሪክ ሳነብ ታዲያ ያቺ እናት ናት ፊቴ የመጣችው። ባርባራ ሁለት ልጆች ብቻዋን እያሳደገች፣ የመንግስት ድጎማ እየተቀበለች ኮሌጅ የተማረች ሴት ናት፣ በ1972 ሸርሊ ቺዝም ለፕሬዝዳንትነት ስትወዳደር ቅስቀሳው ላይ ሰርታለች፣ በ1975 ከበርክሌይ በሶሻል ወርክ ማስተርሷን ያዘች፣ ገና ተማሪ እያለች ለሰፈሩ ሰው የአእምሮ ጤና ማዕከል አቋቁማለች። ከዛ የኮንግረሱ አባል የሮን ደለምስ ቢሮ ገባች፣ እሱም ሶሻል ወርከር የነበረ ነው። በ1990 ለእስቴቱ ምክር ቤት ተመረጠች፣ የኛን የክልል ምክር ቤት አስቡት፣ በ1996 ለእስቴቱ ሴኔት፣ በ1998 ዋሽንግተን፣ የኮንግረሱ የተወካዮች ምክር ቤት።

እስቴት ላይ የቆየችባቸውን ዓመታት ሰው ቶሎ ነው የሚያልፋቸው፣ እኔን የያዘኝ ግን እሱ ነው። ያቀረበቻቸው 67 ረቂቆች ህግ ሆነዋል፣ የፈረመላትም የተቃራኒው ፓርቲ ገዥ ፒት ዊልሰን ነው። ሴቶች ላይ የሚደርስ ጥቃትን የሚመለከት ህግም አለበት። ዜና የሚሆን ስራ አይደለም። የዛች እናት መሸኛ የሚስተካከለው ግን እንዲህ አይነት ስራ ላይ ነው።

ዓለም ያወቃት በ2001 ነው። ከሴፕቴምበር 11 ጥቃት በሶስተኛው ቀን ኮንግረሱ ለፕሬዝዳንቱ በጦር የመጠቀም ስልጣን ሊሰጥ ተሰበሰበ፣ ዋናው አንቀፅ 60 ቃል ነው፣ በተወካዮች ምክር ቤቱ 420 ሰው ደገፈ፣ አንድ ሰው ተቃወመ፣ እሷ። የግድያ ዛቻ ወረደባት፣ በፖሊስ ጥበቃ ነበር የምትንቀሳቀሰው። ለምን ሲሏት፣ ሀዘንና ንዴት ላይ ሆኖ ከባድ ውሳኔ እንደማይወሰን የተማርኩት ከሳይኮሎጂና ከሶሻል ወርክ ነው የሚል መልስ ሰጥታለች።

እዚህ ጋ ስደርስ ማንበቤን አቆምኩ፣ አባዬ ትዝ አለኝ። ያረፈ ጊዜ ድንኳኑ ገና ሳይነሳ ታላቅ ወንድሜ ቤቱ ይሸጥ አለ፣ ደላላ ሁሉ አናግሮ ነበር፣ እኔም አባዬ የሌለበትን ቤት ማየት ስላቃተኝ እሺ ብያለሁ። የእድሩ ሊቀመንበር ጠሩንና "ልጆቼ፣ አሁን ሀዘን ነው የሚያናግራችሁ፣ አርባው ይውጣ" አሉን። ወንድሜ ተቆጣ፣ ተነስቶ ወጣ። አርባው ወጣ፣ ቤቱም አልተሸጠ፣ እማዬ ዛሬም እዛው ናት።

ባርባራም ያን ቀን ያለችው እኮ አርባው ይውጣ ነው፣ ያውም ሀገሩ በሙሉ ድንኳን ውስጥ ተቀምጦ እያለቀሰ። ተሳስታለች የሚሉ ብዙ ነበሩ፣ እኔ ልክ ነበረች ባይ ነኝ፣ አፍጋኒስታን ውስጥ ጦርነቱ 20 ዓመት ፈጅቷል። እሷ በ2025 ከኮንግረስ ወጥታ በ78 ዓመቷ የኦክላንድ ከንቲባ ሆና ተመረጠች።

እኔ አሁን ምን እያደረኩ መሰላችሁ፣ የድሮ ደብተሮቼን አውጥቼ በመሸኛ ምክንያት የተንገላቱ ሰዎችን እየቆጠርኩ እየፃፍኩ ነው፣ ስማቸውን ሳልጠቅስ፣ ለከተማው ምክር ቤት ላስገባው። ሁለት ገፅ ደርሷል። ሰኞ ፕሪንት አስደርጌ እወስደዋለሁ፣ ምን እንዳሉኝ በሚቀጥለው እነግራችኋለሁ። ቻው።