የቦታይ ሸክላ ምን ጠጥቶ ነበር?

ጤና ይስጥልኝ፤ እንኳን ወደ ቻናላችን በደኅና መጣችሁ። ዛሬ የምንጓዘው ወደ ሰሜን ካዛኪስታን የሣር ሜዳ፣ ከ5000 ዓመታት በፊት ሰው ይኖርበት ወደነበረው ወደ ቦታይ መንደር ነው። አርኪዮሎጂስቱ ቪክቶር ዛይበርት መንደሩን እ.ኤ.አ. በ1980 አግኝተው ሲያስቆፍሩ፣ የወጣው አጥንት ከሞላ ጎደል ሁሉም የፈረስ ሆነ። አጥንቱ ፈረስ መበላቱን ይነግረናል፤ ታድኖ ይሁን ተረብቶ ግን በቀላሉ አይናገርም። ስለዚህ ሸክላውን እንጠይቅ።

አዲስ የሸክላ ድስት ሲሟሽ አይታችኋል? ቅባት ይቀባል፣ ይሞቃል፣ ሸክላውም ይጠጣል። ወጥ ሲሠራበት ይጠጣል፣ ቅቤ ሲነጠርበት ይጠጣል፤ ምንም ያህል ቢታጠብ፣ ባዶውን እሳት ላይ ሲጣድ የለመደው ሽታ ይመለሳል። ይህን ምሳሌ የምወደው የጥናቱ ሁሉ መሠረት ስለሆነ ነው፦ ሸክላ የጠጣውን በቀላሉ አይለቅም።

አለን ኡትራምና ባልደረቦቻቸው እ.ኤ.አ. በ2009 ያሳተሙት ጥናት የቦታይን ገሎች መርምሮ የጠጡት ስብ የፈረስ መሆኑን በስቡ የካርቦን ዓይነት ለየ፤ በዚያ አገር የሙቀት ወራት ዝናብና የብርድ ወራት በረዶ በከባድ ሃይድሮጅን መጠናቸው ስለሚለያዩ፣ ፈረስ የጠጣው ውሃ ሃይድሮጅንም ወደ ስቡ ስለሚገባና ባዝራ የምትታለበው በሙቀቱ ወራት ስለሆነ፣ በሃይድሮጅኑ ደግሞ ወተቱን ከሥጋው ስብ ለየ።

ባለፈው ቪዲዮ ሥር ብዙዎቻችሁ «የዛሬ ፈረሶች ሁሉ የቦታይ ዘር ናቸው» ብላችሁ ጽፋችኋል። እኔም ለረጅም ጊዜ እንዲሁ አምን ነበር፤ ነገር ግን አይደሉም። እ.ኤ.አ. በ2018 የታተመ የዘረመል ጥናት እንዳሳየው፣ የቦታይ ዘር የወረደው ወደ ፕርዤቫልስኪ ፈረስ፣ ማለትም ፈጽሞ ያልተገራ የዱር ፈረስ ስንለው ወደኖርነው ነው። የእኛዎቹ የጋሪና የግልቢያ ፈረሶች ምንጭ ከቮልጋና ከዶን ወንዞች ታችኛው ተፋሰስ መሆኑን በ2021 የወጣው ጥናት አመለከተ፤ ከዚያ ወጥተው የተስፋፉትም ከቦታይ ከ1000 ዓመት በላይ ዘግይተው ነው።

የቦታይ ፈረሶች ተገርተው ነበር ወይ የሚለው ክርክር ግን አልተዘጋም። በቦታይ ፈረሶች ጥርስ ላይ የታየው፣ ልጓም አበላሸው የተባለው ምልክት በዱር ፈረስም እንደሚታይ የሚከራከሩ አሉ፤ በሁለት የቦታይ ሰዎች ጥርስ ላይ በተጋገረው ቆሻሻም የወተት ፕሮቲን አልተገኘም። በሁለት ሰው ግን በመንደሩ ላይ መፍረድ ይከብደኛል። እኔ ከጥርሱ ይልቅ ሸክላውን አምናለሁ፤ ምክንያቱም የዱር ባዝራ ቆማ አትታለብም። ዛሬም በካዛኪስታን ለኩሚስ፣ ማለትም ከባዝራ ወተት ለሚሠራው የኮመጠጠ መጠጥ፣ የምትታለብ ባዝራ ወተቷን እንድታወርድ ውርንጭላዋን አጠገቧ ያቆሙላታል።