የድሮ ዜና ፊልም ላይ ሰው ሁሉ ለምን ይጣደፋል?

[ምስል፦ ጥቁርና ነጭ ፊልም። ከፋብሪካ በር ሠራተኞች እየተጋፉ ይወጣሉ።]

እስቲ አካሄዳቸውን እዩት። ሩጫ ነው የሚመስለው። የዚያ ዘመን ሰው እንዲህ ይራመድ ነበር እንዴ? በፍጹም!

[ምስል፦ ባለ ሦስት እግር ማቆሚያ ላይ የተተከለ የእንጨት ካሜራ። አንድ እጅ እጀታውን ያዞራል።]

ያኔ ካሜራ የሚሠራው በእጅ ነበር። ፊልም የሚቀርጸው ሰው እጀታውን በሰከንድ ሁለቴ ያዞራል። በአንዱ ዙር 8 ምስል፣ በሰከንድ 16 ማለት ነው። እጁ ከዛለ ምስሉ ያንሳል፤ ከደነገጠ ይበዛል። ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ ግን በሰከንድ 24 ምስል ማሳየት የተለመደ ሆነ። የድሮው ፊልም በዚህ ፍጥነት ሲታይ የአንድ ደቂቃው ነገር በ40 ሰከንድ እልም ይላል። የሚጣደፈው ማሳያው ነው እንጂ ሰዎቹስ እንደ እኛው ነበር የሚራመዱት።

[ምስል፦ የፈረስ እሽቅድምድም ሜዳ፣ ኤፕሰም፣ እንግሊዝ።]

ጁን 4 ቀን 1913 እ.ኤ.አ.። የዜና ካሜራዎች ፈረሶቹን ለመቅረጽ መታጠፊያው ላይ ቆመዋል። ለሴቶች የመምረጥ መብት የምትታገለው ኤሚሊ ዴቪሰን ከአጥሩ ሥር ሾልካ ገባች። የንጉሡ ፈረስ መጣባት። እሷም፣ ፈረሱም፣ ጋላቢውም ወደቁ። ከ4 ቀን በኋላ አረፈች።

ይህ ሁሉ በጥቂት ሰከንድ ያልቃል። ኮቴ አይሰማም፣ ጩኸት የለም። እኔ ባየሁት ቁጥር ሆዴን ያባባኛል። ደግሞ ቶሎ ስለሚያልፍ፣ በልኩ ቀስ ብሎ ሲሄድ ማየት አለባችሁ።

[ምስል፦ እንደገና የፋብሪካው በር። አሁን በትክክለኛው ፍጥነት።]

ሚቼል እና ኬንየን የሚባሉ፣ እንግሊዝ ውስጥ ያለችው የብላክበርን ከተማ ሰዎች ደግሞ ሥራቸው ይኼ ነበር፤ ተራውን ሰው ከሥራ ሲወጣ መቅረጽ። ሠራተኛው በኋላ ከፍሎ ራሱን ያያል። ስለዚህ ብዙ ፊት መግባት አለበት፤ ገበያው እሱ ነዋ! በ1994 እ.ኤ.አ. እዚያው ከተማ አንድ ምድር ቤት ውስጥ 800 ያህል ጥቅል ፊልም በብረት በርሜል ታጭቆ ተገኘ። በቀላሉ የሚቀጣጠል ፊልም ሆኖ ሳለ ያን ሁሉ ዓመት መትረፉ ይገርመኛል።

አሁን ልጆቹን እዩአቸው። አዋቂዎቹ ያልፋሉ። እነሱ ግን ካሜራው ፊት ይገተራሉ፣ ኮፍያቸውን ያውለበልባሉ፣ ይስቃሉ። ቀስ ብሎ ሲሄድ የእያንዳንዱ ፊት ይለያል።

[ድምፅ የለም። ምስሉ እስኪያልቅ ይቀጥላል።]