ደረቀች ብዬ ነበር

ሰላም፣ እንደምን ሰነበታችሁ? ዛሬ እንግዳ የለኝም። ብቻዬን ስለ አንዲት ትንሽዬ ተክል ላወራችሁ ነው።

ስገዛት "ሊቶፕስ" የሚል ወረቀት ተሰክቶባት ነበር። ሊቶፕስ ያቺ ጠጠር የምትመስለው፣ ብዙ ሰው "ሕያው ድንጋይ" የሚላት ናት። የእኔዋ 7 ራስ ነበራት። እያንዳንዱ ራስ ከጣት ጫፍ አይበልጥም። ድቡልቡል፣ ልስልስ ያለ፣ ነጣ ያለ አረንጓዴ። ተጠጋግተው፣ ተደጋግፈው ተቀምጠዋል። ስሟ ተጽፎላታል፤ እኔም ከዚያ በላይ አልመረመርኩም።

ሙቀቱ ሲመጣ መጨማደድ ጀመረች። አረንጓዴው ጠፋ። ቆዳዋ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ቡናማና ስስ ሆነ። ደነገጥኩ። ውሃ ጠማት ብዬ አጠጣኋት። በነጋታው ደገምኩ። በሳምንቱ 4 ራስ ውስጡ ላመ። ስነካው እንደ በሰበሰ ፍሬ እጄ ላይ ፈረጠ። በጣም ነው ያዘንኩት። እውነቴን ነው፣ አንድ ቀን ሙሉ ስለ እሷ ሳስብ ዋልኩ።

ከዚያ በኋላ ነው በደንብ ማየት የጀመርኩት። የሊቶፕስ ስንጥቅ አናቱን ከዳር እስከ ዳር ይከፍለዋል። የእኔዋ ግን መሃል ላይ ብቻ ትንሽዬ ቀዳዳ መሳይ ስንጥቅ ነበራት፤ አፉን ገጥሞ ዝም ያለ ሰው ትመስላለች። ያ ድቡልቡል አካል ሁለት ቅጠል ተጋጥሞ አንድ የሆነበት ነው። ስሟ ኮኖፊተም መሆን እንዳለበት ጠረጠርኩ። እርግጠኛ ለመሆን ግን አበባዋን ማየት ነበረብኝ።

ኮኖፊተም የደቡብ አፍሪካና የናሚቢያ ተክል ናት። ስሙን ያወጣው በለንደኑ ኪው የዕፅዋት ተቋም ይሠራ የነበረው ኤን. ኢ. ብራውን ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1922። የሊቶፕስንም ስም ያወጣው እሱ ራሱ ነው፣ በዚያው ዓመት። አብዛኞቹ የሚበቅሉበት አገር ዝናቡ የሚጥለው በብርድ ወራት ነው። በጋው ደረቅ ነው። ስለዚህ ኮኖፊተም በሙቀት ትተኛለች፣ በቅዝቃዜ ትነቃለች።

እኔ ሞት ያልኩት እንቅልፍ ነበር። አሮጌው ቅጠል ውሃውን ውስጡ ላለው አዲስ አካል ያስረክባል። ሲጨርስ ይደርቅና ሽፋን ይሆናል። ያ ወረቀት መሳይ ነገር አዲሱን ከፀሐይ ይከልልለታል። በጣታችሁ ላጡት ላጡት ይላችኋል፤ እባካችሁ እንዳትነኩት።

የተረፉትን 3 ራሶች ጥላ ያዝ የሚያደርገው፣ አየር የሚነካው ቦታ አስቀመጥኳቸው። ውሃ ከለከልኳቸው። ከባድ ነው። በየቀኑ እያያችሁ አለማጠጣት ማጠጣትን ያህል ሥራ ነው። አፈሯንም ቀየርኩ፦ አብዛኛው ደቃቅ ጠጠር፣ አፈሩ ጥቂት። መትከያዋ ትንሽ፣ ከስሩ ቀዳዳ ያለው። ማዳበሪያ ብዙም አትፈልግም።

ሌሊቱ መቀዝቀዝ ሲጀምር አጠጣኋት። አንድ ጊዜ፣ ግን ጠጥታ እስክትረካ። ከቀናት በኋላ ሽፋኑ ተቀደደ። በአንደኛው ቅዳጅ ውስጥ አንድ አረንጓዴ ኳስ ሳይሆን ሁለት አየሁ! ጎን ለጎን ተጣብቀው። እንዲህ ነው የምትበዛው፤ አንዱ ሁለት፣ ሁለቱ አራት እያለች ትራስ ትሆናለች። ሌላ አንዱም እንዲሁ ሁለት ሆኖ፣ 3 የነበሩት 5 ሆኑ።

ከዚያ እምቡጥ መጣ። ቀን ጠበቅኩ፣ አልፈካም። ሊቶፕስ ብትሆን ከሰዓት በኋላ ትፈካ ነበር። ደርቋል ብዬ ተስፋ ልቆርጥ ስል፣ አንድ ምሽት ክፍሉ በሙሉ ቅርንፉድ ቅርንፉድ ሸተተ። መብራት ይዤ ሄድኩ። ወርቅማ ቢጫ፣ ክር የመሰሉ ቅጠሎች ያሏት አበባ ተከፍታለች። ከስር ሳያት ቅጠሎቹ ተዋህደው ቱቦ ሠርተዋል። የሊቶፕስ ግን ለየብቻ ናቸው። ጥርጣሬዬ እዚያ አለቀ። ኮኖፊተም ካልኩለስ። ካልኩለስ በላቲን ትንሽ ጠጠር ማለት ነው።

በነገራችን ላይ፣ እነ ሊቶፕስና ኮኖፊተም ያሉበትን የተክል ቤተሰብ ወዳጆቹ ባጭሩ ሜሴምብ ይሉታል። የስሙ መነሻ "የቀትር አበባ" ነበር። ኋላ ማታ የሚፈኩ ሲገኙ፣ ዲሌኒየስ የተባለ የዕፅዋት ሊቅ አንዲት ፊደል ለውጦ ትርጉሙን ቀየረው። እኔ ይህን ያነበብኩት ያቺ አበባ በፈካች ሰሞን ነው።

አንድ የምለምናችሁ ነገር አለ። እ.ኤ.አ. ከ2019 ወዲህ እነዚህ ተክሎች ከተፈጥሮ ቦታቸው በገፍ እየተነቀሉ በድብቅ ይሸጣሉ። አንዳንዱ ዝርያ በዓለም ላይ ያለው አንድ ኮረብታ ላይ ብቻ ነው። እሱ ከተነቀለ አለቀ። ስለዚህ ከዘር የበቀለ መሆኑን ሳትጠይቁ አትግዙ። ወይም ራሳችሁ ዝሩ። ዘሩ ከአቧራ ብዙም አይተልቅም፤ ጠጠሩ ላይ በትኑት፣ አትቅበሩት። የዘር ቋቷ ራሱ ያስደንቃል። ደረቅ ሲሆን ይዘጋል። ጠብታ ውሃ ስታደርጉበት ዓይናችሁ እያየ እንደ ኮከብ ይከፈታል። ሲደርቅ መልሶ ይዘጋል።

የድሮውን ወረቀት ነቅዬ ጥያለሁ። አዲሱን በእርሳስ ጻፍኩት፣ ቀለም ፀሐይ ላይ ይለቅቃልና። ዛሬ ጠዋት ሁለት እምቡጥ ሽፋኑን ገፍተው ብቅ ብለዋል። ማታ ማታ በሩን ከፍቼ ማሽተት ጀምሬያለሁ።