ያልተነበበችው ዲስክ

እንደምን ሰነበታችሁ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ።

ባለፈው ወደ ድሬዳዋ በባቡር ስሄድ ነው። አዳማን አልፈን ብዙ ከተጓዝን በኋላ ባቡሩ አንዲት ትንሽ ጣቢያ ላይ ቀጥ አለ። የሚወርድ የለ፣ የሚሳፈር የለ። አጠገቤ የተቀመጡ እናት «ተበላሸ እንዴ ልጄ?» አሉኝ። እኔ ምን አውቄ! ትንሽ ቆይቶ ኮንቴይነር የጫነ ባቡር በጎናችን ተግተልትሎ አለፈ። ለካ እሱን እየጠበቅን ኖሯል። ከሰበታ እስከ አዳማ ሐዲዱ ድርብ ነው፤ ከዚያ ወዲያ ያለው ግን አብዛኛው ነጠላ ነው። እናትየው አማተቡና «እንዳይጋጩ ማነው የሚጠብቃቸው?» አሉ።

ጥያቄያቸው ቤቴ ድረስ ተከተለኝ። ማንበብ ጀመርኩ።

እ.ኤ.አ. በ1874 እንግሊዝ አገር፣ ኖርዊች አጠገብ፣ በቴሌግራም ስህተት ሁለት ባቡሮች ፊት ለፊት ተለቀቁ። 25 ሰው ሞተ። ከዚያ በኋላ ኤድዋርድ ታየር የሚባል ሰው አንድ መላ ዘየደ። ካፌ ውስጥ ባንኮኒ ላይ የሚሰቀለውን የሽንት ቤት ቁልፍ አስቡት። ቁልፉ ከሌለ ሰው አለ ማለት ነው፣ ትጠብቃላችሁ። የታየርም ነገር እንደዚያው ነው። በሁለቱ ጣቢያዎች በሽቦ የተገናኙ ሁለት ማሽኖች አሉ። ከአንደኛው አንዲት ክብ ዲስክ ከወጣች ሁለቱም ይቆለፋሉ። እሷ ካልተመለሰች ሌላ አይወጣም። ነጂው ዲስኳን ካልያዘ ወደ ሐዲዱ አይገባም። ስሟ ታብሌት ነው። እኔ ፋርማሲ ስለምሠራ መጀመሪያ ሳነበው ኪኒን መስሎኝ ነበር።

ማሽኑ አይሳሳትም። ሰው ግን...

ጥር 26 ቀን 1921 እ.ኤ.አ.፣ ዌልስ፣ አበርሚዩል የምትባል ትንሽ ጣቢያ። ከሞንትጎመሪ በኩል የመጣው ባቡር ነጂ የጨረሰውን መንገድ ዲስክ አስረከበ። አንዱ ሠራተኛ ተቀብሎ ለሌላው ሰጠ። ያኛው ደግሞ የሚቀጥለው መንገድ ዲስክ መስሎት ለዚያው ነጂ መልሶ ሰጠው። የጣቢያዎቹ ስም ላይዋ ላይ ተጽፏል። ማንም አላነበበውም። ነጂውም ተቀብሎ ሄደ። ከወዲያ በኩል ፈጣኑ ባቡር ትክክለኛዋን ዲስክ ይዞ እየመጣ ነበር። 17 ሰው ሞተ።

ይሄን ሳነብ ሆዴ ቡጭ አለ። ለምን መሰላችሁ? አንድ ቀን ፋርማሲ ሰው በሰው ላይ ሆኖ ነበር። የሥራ ባልደረባዬ መድኃኒት በፌስታል አድርጎ አቀበለኝ። እኔ ደግሞ ባንኮኒው ጋ ለቆሙት አባት ሰጠኋቸው። ስሙ ላዩ ላይ በእስክሪብቶ ተጽፏል። በር ላይ ሲደርሱ መነጽራቸውን አወጡ፣ አዩት፣ ተመለሱ። «ልጄ፣ እኔ አየለ አይደለሁም እኮ» አሉኝ። የስኳር መድኃኒት ነበር፤ እሳቸው የመጡት ለሳል ነው። ባልደረባዬ ጎበዝ ሰው ነው፣ ከእሱ እጅ ስለመጣ አላየሁትም። አበርሚዩልም ያው ነው፤ እያንዳንዱ ሌላው አይቶታል ብሎ አመነ።

አሁን ስም ጮክ ብዬ አነባለሁ። ያ ባልደረባዬ መጀመሪያ ሰሞን ቅር ብሎት ነበር። «አታምኚኝም እንዴ?» አለኝ። አምንሃለሁ አልኩት፣ እና የያዝኩትን ፌስታል አገላብጬ ስሙን ጠራሁ።