ቪዮላው ለምን ይዋጣል? የሹማን «የተረት ምስሎች»

እሷ፦ የዛሬው ሥራ ጀርመናዊው የሙዚቃ ደራሲ ሮበርት ሹማን ለፒያኖና ለቪዮላ (ከቫዮሊን ተለቅ ላለው ባለ ደጋን መሣሪያ) የጻፈው «ሜርሸንቢልደር» ነው፣ «የተረት ምስሎች» ማለት ነው። ኦፐስ (የሥራ ቁጥር) 113፣ በማርች 1851 እ.ኤ.አ. ዱሰልዶርፍ ውስጥ በጥቂት ቀናት የተጻፈ።

እሱ፦ መታሰቢያነቱም ለቫዮሊኒስቱ ለቫዜሌቭስኪ ነው፤ በኋላ የሹማንን የሕይወት ታሪክ የጻፈው ሰው። አራቱም ክፍሎች ተደምረው ሩብ ሰዓት ገደማ ናቸው። መድረክ ላይ ግን ቪዮላው ብዙ ጊዜ ይዋጣል፤ ያኔ ፒያኒስቱን «ቀንስ» ማለት ይመጣል።

እሷ፦ እሱ አያዋጣም። በርዕሱ ላይ እንኳ ቀድሞ የተጻፈው ፒያኖው ነው፤ አጃቢ አይደለም። ችግሩ ያለው ሌላ ቦታ ነው። ቪዮላ ዶ፣ ሶል፣ ሬ፣ ላ ተብሎ ነው የሚቃኘው፣ ከቫዮሊን አምስት ድምፅ ዝቅ ብሎ። ሳጥኑ ግን በዚያ ልክ አይተልቅም፣ ብዙውን ጊዜ ከ38 እስከ 43 ሴንቲሜትር ነው። ስለዚህ ታችኛው ድምፁ እንደ ልብ አይወጣም። ሹማን ደግሞ ፒያኖውን እዚያው ድምፅ አካባቢ ያጫውተዋል።

እሱ፦ ታዲያ ከምን ይጀመር?

እሷ፦ ከፔዳሉ፣ ድምፁን ከሚያቆየው የፒያኖ መርገጫ። በመጀመሪያው ክፍል፣ በሬ ማይነር ቅኝት በተጻፈው፣ ሃርሞኒው (አብረው የሚሰሙት ድምፆች) በተለወጠ ቁጥር ፔዳሉ ካልተቀየረ የግራ እጅ ድምፅ ይከማችና ቪዮላውን ይሸፍነዋል። ቀጥሎ ከኮርዱ (አንድ ላይ ከሚመቱት ኖታዎች) ላይኛውን ኖታ አጉልቶ የመሐሉን ማለስለስ ነው። የፒያኖውን ክዳን መዝጋት የመጨረሻው አማራጭ ይሁን፤ ድምፁን ያደበዝዘዋል እንጂ መደራረቡን አያጠራውም።

እሱ፦ ከቪዮላው በኩል ደግሞ ደጋኑ አለ። ዝቅተኛው ክር፣ ዶ ላይ ደጋንን በፍጥነት መሳብ ንፋስ ብቻ ነው የሚያወጣው። ዝግ ብሎ፣ ወደ ብሪጁ (ክሮቹን ወደሚሸከመው እንጨት) ጠጋ ብሎ፣ የክንድን ክብደት መጣል ነው። ሲበዛ ክሩ ይንቋቋል፤ ያኔ ክብደቱን ትንሽ ማንሳት።

እሷ፦ ሁለተኛው ክፍል ፋ ሜጀር ነው፤ ነጥብ ያላቸው ኖታዎች የሞሉበት። ረጅሙ ሦስት እጅ፣ አጭሩ አንድ እጅ መሆን ሲገባው፣ ክንድ ሲደክም ሁለት ለአንድ ይሆንና ግለቱ ይጠፋል። ሲለማመዱ እያንዳንዱን ምት አራት ቦታ ከፍሎ መቁጠር ይረዳል።

እሱ፦ ሦስተኛው ይሮጣል፣ ሦስት ሦስት ኖታ እየተያያዘ። እዚያ የሚከሽፈው ግራ እጅ ሳይሆን የክር መሻገሩ ነው። ደጋኑን መሐሉ ላይ፣ በአጭሩ መያዝ፤ የሚሻገረው ሙሉ ክንድ ሳይሆን የፊት ክንድና አንጓ ይሁን። ጣቶችንም በሁለቱ ክሮች ላይ አንድ ላይ አስቀምጦ መጠበቅ።

እሷ፦ እኔ ይህን ሥራ የምወደው ግን በአራተኛው ክፍል ነው። ሬ ሜጀር፣ ብዙውን ጊዜ ደስ የሚል ቅኝት፣ ሆኖ ሳለ ሹማን «ቀስ ብሎ፣ በትካዜ ስሜት» ይላል። ቫዮሊንም ሊጫወተው እንደሚችል ታትሟል፤ ግን ያ ጭጋጋማ ድምፅ የቪዮላ ነው።

እሱ፦ አደጋው መጎተቱ ነው። ፍጥነቱ ከወረደ ደጋኑ ከሐረጉ በፊት ያልቃል፣ ዜማውም ይቆራረጣል። ስለዚህ ደጋን የሚቀየርባቸውን ቦታዎች አስቀድሞ በእርሳስ ማመልከት።

እሷ፦ ፒያኒስቱም እነዚያን ምልክቶች በራሱ ኖታ ላይ ይገልብጣቸው፤ ቪዮላው ደጋን ሲቀይር እሱ አይጣደፍም።